የወጌሻው ሁለት ጣቶች

ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ ጎረቤቶቼ የሚጠይቁኝ አንድ ጥያቄ ነው። «ጋሼ ሙላት፣ ይህን ሁሉ ዘመን ጤና ጣቢያ ኖሩ፤ መርፌ አይወጉ፣ መድኃኒት አይሰጡ፤ ለመሆኑ ሥራዎ ምን ነበር?» ይሉኛል። ድሮ እናደድ ነበር። አሁን ጊዜ ስላለኝ ወንበር ስቤ አስቀምጣቸውና እነግራቸዋለሁ። ሐኪም ያየውን በሽታ ዓለም ሁሉ በሚግባባበት ኮድ የምጽፍ ሰው ነበርኩ። ወባ የራሱ ኮድ አለው፤ የእባብ ንክሻ የራሱ አለው፤ በማጭድ የተቆረጠ ጣትም እንዲሁ። ኮዱ ከተሳሳተ በሽታው ሪፖርት ላይ ሌላ በሽታ ሆኖ ይወጣል። ሪፖርቱ ከተሳሳተ ደግሞ የሚላክልን መድኃኒትም ባለሙያም ይሳሳታል። ይህን ሁሉ ሰምተው ራሳቸውን ይነቀንቁና «እህ፣ ጸሐፊ ነበርኩ በሉና» ይላሉ። ይሁን፣ ጸሐፊ ነበርኩ። ጥሩ ጸሐፊ ግን ነበርኩ፤ ይህንን እኔ ካልተናገርኩ ማንም አይናገርልኝም።

ሥራ የጀመርኩት ሳንጃ ነው። የመጀመሪያው አለቃዬ ደግ ሰው ነበሩ፤ ሥራ የሚለኩት ግን በካርድ ቁልል ቁመት ነው። ቁልሉ ደረቴ ድረስ ከደረሰ «ጎበዝ» ይሉኛል፤ ውስጡ ምን እንዳለ ገልጠው አያዩም። ከዚያ ገለጉ ተዛወርኩ። ክረምት ላይ መኪና ሲጠፋ ሪፖርቱን በላስቲክ ጠቅልዬ ጭቃውን በእግሬ ስለምያያዘው «ኮድ ተሸካሚው» የሚል ስም ወጣልኝ። ደመወዙን አታንሱት፤ የበረሃ አበልም ተጨምሮበት ያው ነው። ሙያዬን የተማርኩት ግን በሦስተኛው ቦታዬ፣ ከሽንፋ ወዲያ ባለች አንዲት የገበሬ ከተማ ነው። ያስተማረችኝም ሲስተር ጥሩወርቅ ናት።

ሲስተር ጥሩወርቅ ነርስ ነበረች። ወገቧ አልቆም ሲላት ከድንገተኛ ክፍል አንሥተው ካርድ ክፍል ኃላፊ አደረጓት። ሌላ ሰው ቢሆን እንደ ቅጣት ይቆጥረው ነበር። እሷ ግን በገባች ቀን ጠረጴዛውን ወደ መስኮቱ አስጠጋችና በሽተኞች የሚጠብቁበትን አግዳሚ ወንበር እያየች መሥራት ጀመረች። «ካርድ ብቻ አይቶ ኮድ የሚሰጥ ሰው ወጥ ሳይቀምስ ጨው በዛበት የሚል ነው» ትል ነበር። ጠዋት ጠዋት እስክሪብቶዋን በጥጥ ሳትወለውል ሥራ አትጀምርም። ያልገባትን ጽሑፍ በግምት አታልፍም፤ ካርዱን ይዛ በሽተኛ ወደሚያየው ጤና መኮንን ትሄድና ትጠይቀዋለች። «ኮድ የሚሰጥ አይመረምርም፤ ይጠይቃል» ትለኛለች። መኮንኑ መጀመሪያ ይሰለች ነበር። በኋላ ሳትመጣበት ከዋለች «ሲስተር አመማት እንዴ?» ብሎ የሚጠይቅ ሆነ።

ከልማዷ ሁሉ ያልተለየችኝ ግን አንዲት ቃል ናት፦ «ዛሬስ?»

የአገራችን ሰው ነገር ከሥሩ፣ ውሃ ከጥሩ ተብሎ ያደገ ነው። እጁን ያመመውን ሰው ምን ሆንክ ብትሉት ከዘር ጊዜ ይጀምርላችኋል። ዝናቡ እንዴት እንደዘገየ፣ ሰሊጡ መቼ እንደደረሰ፣ ማጭዱን ማን እንደሳለው፣ ከዚያ በኋላ ነው ጣቱን የሚቆርጠው። ሲስተር አታቋርጠውም። እስከ መጨረሻው ትሰማዋለች፤ ሲጨርስ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «ዛሬስ?» ትለዋለች። ዛሬ እዚህ ያመጣህ ምንህ ነው ማለቷ ነው። የሥራችን ሕግ እንደዚያ ስለሆነ ነው። የቆየ ጉዳት ቁስሉ ድኖ ሌላ ችግር ትቶ የሄደ እንደሆነ፣ መጀመሪያ የሚጻፈው ዛሬ ሰውየው ላይ ያለው ነው፤ ድንዛዜው፣ መቆልመሙ፣ ማቃጠሉ። ያንን ያመጣው የድሮ ጉዳት በሌላ ኮድ ከኋላ ይከተላል፤ እኛ የጉዳት ቅሪት እንለዋለን። ዓመት ቢያልፈው፣ አሥር ዓመትም ቢያልፈው ቅሪት ቅሪት ነው። ለአገሬው ሥሩ ይቀድማል፣ ለእኛ ዛሬ ይቀድማል። ይህችን ነገር ለመልመድ እኔም ብዙ ታግያለሁ፤ እኔም እኮ የዚሁ አገር ልጅ ነኝ።

በቆላችን ይህ ቅሪት የሚበዛው ጣት ላይ ነው። ሰሊጥ ሲታጨድ ቀኝ እጅ ማጭዱን፣ ግራ እጅ አገዳውን ይይዛል። የደረሰ ሰሊጥ ቀን አይሰጥም፤ ካዘገዩት ፍሬው መሬት ላይ ይረግፋል። ስለዚህ ሁሉም ይጣደፋል፣ ማጭዱም ግራ እጅ ላይ ያርፋል። ጣት ትንሽ ትምሰል እንጂ በሁለቱም ጎኗ ቀጫጭን ነርቮች ይሄዱባታል። አንዱ ሲቆረጥ ግማሿ ይደነዝዛል፤ ሁለቱም ሲቆረጡ ጫፏ የሌላ ሰው ጣት ትሆናለች። ቆዳው ግን ይገጥማል፤ ላየው ሰው ምንም የለበትም። ደግሞ አጫጆቹ አብዛኞቹ ከጎጃምና ከወሎ የመጡ ናቸው። ሰሊጡ ታጭዶ ነዶው ለመድረቅ ተደጋግፎ፣ እኛ ሂላ እንደምንለው፣ ሲቆም መኪና ተሳፍረው ይሄዳሉ። ቁስሉን እኛ እናየዋለን፣ ድንዛዜውን የሚያውቁት አገራቸው ሲገቡ ነው። በዓመቱ ተመልሰው ሲመጡ ያየሁት ስህተት፣ ያንኑ የመቆረጥ ኮድ እንደ አዲስ መስጠት ነበር። በሪፖርቱ አንዱን ሰው አንድ ማጭድ ሁለት ጊዜ ይቆርጠዋል፤ የደነዘዘ ጣት ግን በአገሩ የለም ይባላል።

አሁን ወደ አባ ካሴ ልምጣ።

አባ ካሴ የከተማዋ ወጌሻ ናቸው። ቀኝ እጃቸው ይስባል፣ ግራ እጃቸው ያነባል። ዓይናቸውን ጨፍነው በግራ እጃቸው ሌባ ጣትና መሃል ጣት የተሰበረውን ቦታ ይዳስሱና «እዚህ ጋ ተሰንጥቋል፤ እዚህ ጋ ደግሞ ተላልፏል» ይላሉ። ልክ ነበሩ። ጎንደር ሄዶ ራጅ የተነሣ ሰው ሁሉ ተመልሶ «አባ ካሴ ያሉት ነው» ይል ነበር። ከተማው እኛንና እሳቸውን እንደ ጣውንት ነበር የሚያየን። እሳቸው ጤና ጣቢያውን «የወረቀት ቤት» ይሉታል። ሲስተር ግን መንገድ ላይ ስታገኛቸው ጉልበት ነክታ ነው የምትሳለማቸው።

አንድ መኸር የራሳቸውን ሰሊጥ ሲያጭዱ እነዚያኑ ሁለት ጣቶች ማጭድ አገኛቸው። ታዲያ ወጌሻ ጤና ጣቢያ ሄዶ ጣቱን ሊያሰፋ ነው? ሰው ምን ይላል? ቤታቸው ተቀምጠው በሰሊጥ ዘይት አጠቡት፣ በንጹሕ ጨርቅ ጠቀለሉት፣ አዳኑት። ጠባሳው ቀጥ ያለ፣ እንደ ክር የቀጠነ ነበር። ከተማው «ይኸው፣ ራሳቸውን አከሙ» ብሎ ከድሮው ይልቅ አመናቸው።

ወራት አልፈው ወባ ያዛቸውና ለወባማ ወደ ወረቀት ቤት መጡ። አግዳሚው ላይ ተራ ሲጠብቁ አንድ ዘመዳቸው ሻይ ገዝቶ ሰጣቸው። ሌላው ሰው ትኩስ ብርጭቆ ጠርዙን ይዞ ከእጅ እጅ ያቀያይራል። አባ ካሴ ግን የብርጭቆውን ትኩስ ሆድ በግራ እጃቸው ሌባና መሃል ጣት መካከል ይዘው ጨዋታቸውን ቀጠሉ። ሲስተር በመስኮቱ አየቻቸው። ተነሥታ ወጣችና መኮንኑ ክፍል ድረስ አብራቸው ገባች። ካርዱን ይዤ ስለተከተልኳት የሆነውን ሁሉ አይቻለሁ።

«አባ ካሴ፣ ያ የማጭድ ቁስል እንዴት ሆነ?» አለቻቸው።

«ተማም፣ ደህና ነው። ድኗል። ያን ጊዜ እኮ ሰሊጡ ቀድሞ ደርሶ፣ የሚያጭድ ሰው ጠፍቶ...»

እስኪጨርሱ ጠበቀቻቸው። «ዛሬስ?»

ግራ እጃቸውን ገልብጠው አዩት። ሲስተር የላስቲክ እስክሪብቶዋን አወጣች። ይህችን ዘዴ ጎንደር ሥልጠና ላይ አንድ የእጅ ሐኪም አስተምሯት ነበር። ጤነኛ ጣት ወዝ አለው፣ እስክሪብቶ ሲጎትቱበት ይይዛል። ላብ የሚያዘው ነርቭ ስለሆነ ነርቩ የተቆረጠ ጣት ደረቅ ነው፣ እስክሪብቶው ይንሸራተትበታል። ደጋ ላይ ይህ ያስቸግር ይሆናል፤ በእኛ ሙቀት ግን ላብ የሚጎድለው ሰው የለም። መኮንኑ እስክሪብቶውን ተቀብሎ በእያንዳንዱ ጣታቸው ላይ ጎተተው። አውራ ጣታቸው ላይ ያዘ። የቀለበት ጣታቸው ላይ ያዘ። በሁለቱ ላይ ግን መስታወት ላይ እንደሚሄድ ሄደ።

አባ ካሴ እጃቸውን ሰበሰቡ። «ይህን ለማን ልታወሩት ነው?»

«ለማንም» አለች ሲስተር። «ምስጢሩ የእርስዎ ነው፤ እርስዎ ካላወጡት አይወጣም። ግን አባቴ፣ እባክዎ አጥንት ከመንካት ትንሽ ይቆዩ።»

«አባቴ ያስያዘኝን ሙያ ነው እንዴ በእስክሪብቶ የምታስጥይኝ?» አሉና የወባ መድኃኒታቸውን እንኳ ሳይወስዱ ወጡ። መኮንኑ በሰው ላከላቸው። እኔ ኮዱን ጻፍኩ፤ ድንዛዜው ፊት፣ የነርቭ ጉዳት ቅሪቱ ኋላ። አጻጻፉ አንዳች እንከን አልነበረበትም። ሰውየውን ግን አላቆመልንም።

ከዚያ የሆነው ይህ ነው። ትርንጎ የምትባል የአንድ ገበሬ ልጅ ማሽላ ከጫነ ተጎታች ላይ ወድቃ ክንዷ ተሰበረ። እናቷ በቀጥታ አባ ካሴ ቤት ወሰደቻት። አጥንቱን ሳቡት፣ በቀርከሃ ደግፈው በጨርቅ አሰሩት። የእሳቸው ልማድ ካሰሩ በኋላ ያነባሉ የሚባሉትን ጣቶች ከጨርቁ ሥር ሰደው ጥብቀቱን መለካት ነው። ትርንጎ «ጠበቀኝ» ብላ ታለቅሳለች። አባ ካሴ ጣታቸውን ሰደዱ፤ ጣቱ ምንም አልተሰማውም። «ልል ነው እኮ፤ ስብራት ነው የሚያማት» አሉ። እናትየዋ ከልጇ ልቅሶ ይልቅ የወጌሻውን ጣት አመነች። እሷ ላይ አልፈርድም፤ ከተማው ሁሉ የሚያምነው ያንኑ ጣት ነበር።

እኛ ጋ ስትደርስ እጇ አብጦ፣ ጠቁሮ፣ ቀዝቅዞ ነበር። መኮንኑ ጨርቁን ቀደደና በአምቡላንስ ጎንደር ላካት። እጇ ተረፈ። ጣቶቿ ግን ወደ ውስጥ ተቆልምመው፣ ደንዝዘው ተመለሰች። ያንን ኮድ የጻፍኩት እኔ ነኝ፤ መቆልመሙ ፊት፣ ያመጣው ኋላ። በዚያ ሁሉ ዘመን እንደዚያ የከበደኝ ኮድ የለም።

ምስጢሩን አውጥተን ቢሆን ኖሮ የሚል ሰው ይኖራል። እኔ አልልም። የበሽተኛ ምስጢር የሚያወጣ ጤና ጣቢያ ነገ ማንም እጁን አይዘረጋለትም፤ ሲስተርም እስከ መጨረሻው የቆመችው እዚህ ላይ ነው። ተሸነፍን እንጂ አላጠፋንም። ነገር ግን ሽንፈትም ያማል። ትርንጎ በተመለሰች ማግስት ጠዋት ሲስተር እስክሪብቶዋን ሳትወለውል ሥራ ጀመረች። እኔም አላስታወስኳትም።

ከሳምንታት በኋላ፣ በገበያ ቀን፣ አግዳሚው በሰው ሞልቶ ሳለ አባ ካሴ ነጭ ጋቢያቸውን ለብሰው መጡ። ሰው ተነሥቶ ቦታ ሲለቅላቸው አልተቀመጡም። በቀጥታ ወደ መስኮታችን መጥተው ግራ እጃቸውን ደፉ ላይ ዘረጉት።

«ሲስተር፣ ያንን እስክሪብቶ አምጪው።»

ሲስተር ደነገጠች። «አባ ካሴ፣ ወደ ውስጥ ይግቡ፤ መኮንኑ ጋ።»

«አልገባም። ምስጢሩ የእርስዎ ነው፣ እርስዎ ካላወጡት አይወጣም አላልሽኝም? ይኸው አወጣሁት።»

ሲስተር እስክሪብቶዋን በእያንዳንዱ ጣት ላይ ጎተተች። ሰው ሁሉ አንገቱን አስግጎ አየ፤ የት ላይ እንደያዘ፣ የት ላይ እንደተንሸራተተ።

አባ ካሴ ወደ እኔ ዞሩ። «አንተ ሙላት፣ የዚህ ነገር ስሙ ማነው?»

«የጣት ነርቭ ጉዳት ቅሪት ነው፣ አባ።»

ቀስ ብለው ደገሙት። ከዚያ ወደ ሰዉ ዞረው እንዲህ አሉ፦ «ድኛለሁ ያልሁት አልዋሸሁም፤ ቁስሉ ድኗል። ጣቴ ግን አልዳነም። አንድ ሰው ክንዱ ቢሰበር፣ ልጁ ብትሰበርበት፣ ከእንግዲህ እኔ ቤት አይምጣ። እዚህ ይምጣ። የትርንጎን እናት ደግሞ ቤቷ ድረስ ሄጄ ነግሬያታለሁ።»

ቆመው ሳያለቅሱ ነው የተናገሩት። እኔ ግን መስኮቱ ሥር ጎንበስ ብዬ ካርድ የፈለግሁ መሰልኩ፤ እንባዬን ማን ያሳያል።

ያ ቀን ሥራችንን ለወጠው። አባ ካሴ እጃቸውን በአደባባይ ከዘረጉ ሌላው ምን ያፍራል? «አሠሪ አይቀጥረኝም» ብለው የደነዘዘ ጣታቸውን የሚደብቁ አጫጆች መጥተው መናገር ጀመሩ። መኮንኑ እየመረመረ ጻፈ፣ እኔ ዛሬን አስቀድሜ ኮድ ሰጠሁ። ሪፖርቱ ሲሄድ ከበላይ ስልክ ተደወለ። «እናንተ ከተማ የገባው የጣት በሽታ ምንድን ነው? አዲስ ነው እንዴ?» አሉን። ሲስተር ስልኩን ተቀብላ «በሽታው አሮጌ ነው፣ አዲስ የሆነው መጻፉ ነው» አለቻቸው። ውሎ አድሮ ከጎንደር የእጅ እንቅስቃሴ የምታሠራ ባለሙያ እየተመላለሰች ትመጣልን ጀመር። ለዚህ ነው ሥራዬ ምን እንደነበር ሲጠይቁኝ አፌን ሞልቼ የምናገረው።

ባለሙያዋ ለትርንጎ ያሳየቻት እንቅስቃሴ በየቀኑ መሠራት ነበረበት። አባ ካሴ «እኔ ላሠራት» ብለው ሲሄዱ እናትየዋ በር ዘጋችባቸው። በማግስቱም ሄዱ። ደጅ ላይ ተቀምጠው ይውሉ ነበር፤ ሰው እያየ እንኳ አልተነሡም። በመጨረሻ ትርንጎ ራሷ ወጥታ እጇን ሰጠቻቸው። በሰሊጥ ዘይት እያሹ፣ ባለሙያዋ እንዳሳየቻቸው ጣቶቿን አንድ በአንድ ያዘረጉላት ነበር። ይህንን የሚሠሩት በቀኝ እጃቸው ነው፤ የሚስበው እጃቸው በእርጅና ማንበብ ይማር ጀመር። እናትየዋም ቀስ በቀስ አጠገባቸው ወንበር ታስቀምጥላቸው ጀመር። ከጣቶቿ ያልተቃና አለ። ዛሬ ግን ትርንጎ ማሰሮ ታነሣለች፣ መርፌ ትይዛለች፤ ትንሿ ጣቷ ብቻ እንደተቆለመመች ቀረች።

ሲስተር ከእኔ ቀድማ ጡረታ ወጥታ ጎንደር ገባች። እስክሪብቶዋን ለእኔ ተወችልኝ። ቆይቶ ኮምፒውተር መጣ፤ የበሽታውን ስም ሲጽፉለት ኮዱን ራሱ ያወጣል። እኔ ኮምፒውተር አልጠላም፣ ፈጣን ነው። «ዛሬስ?» ብሎ ግን አይጠይቅም። ለተተኩት ወጣቶች ጠረጴዛቸውን ከመስኮቱ እንዳያርቁ ነግሬያቸዋለሁ።

የስንብቴ ቀን ግቢው ውስጥ ድንኳን ተጣለልኝ። አባ ካሴ ዓይናቸው ደክሟል፣ ትርንጎ ክንዳቸውን ይዛ አመጣቻቸው። አጠገቤ ተቀመጡና ሊመርቁኝ እጄን በቀኝ እጃቸው ያዙ። ምርቃቱን ግን አልጀመሩም። ዓይናቸውን ጨፍነው ጣታቸውን ከአንጓዬ በላይ አመላለሱት።

«እዚህ ጋ በልጅነትህ ተሰብረህ ነበር» አሉ። «ያሰረልህ ሰው አዋቂ ነበር፤ ትንሽ ነው ያጣመመው። ከዛፍ ነው ወይስ ከአህያ የወደቅኸው?»

ከአህያ ነበር። በዚያ ከተማ ይህንን ለማንም ተናግሬ አላውቅም። ደስ ብሎኝ ሳቅሁና እንደ ሲስተር ድምፄን ዝቅ አድርጌ ጠየቅኋቸው።

«አባ፣ ዛሬስ?»

ትርንጎ ከኋላቸው ቆማ ሳቀች። እሳቸው አልሳቁም። ጣታቸውን ወደ መዳፌ አወረዱ።

«ዛሬማ እጅህ ይንቀጠቀጣል፣ አንተ ሙላት» አሉ። «መለየቱ ከብዶሃል።»

ልክ ነበሩ። እጄን ሳልነጥቅ ምርቃታቸውን እስኪጀምሩ ጠበቅኋቸው።